«አንቲሄርፔቲክ» ማለት ምን ማለት እንደሆነ ለጠየቁት እህት የተሰጠ መልስ

እህቴ፣ የእናትዎ ሐኪም በወረቀቱ ላይ «አንቲሄርፔቲክ ይጀመርላቸው» ብሎ እንደጻፈ፣ የቃሉ ትርጉም እንዳልገባዎትና «የኤችአይቪ መድኃኒት ይሆን እንዴ?» ብለው እንደተጨነቁ ትናንት ማታ የጻፉትን አነበብኩ። እኔ ሐኪም አይደለሁም፤ ጅማ ውስጥ በቡና መጋዘን ኃላፊነት ሠላሳ ዓመት ሠርቼ ጡረታ የወጣሁ ሰው ነኝ። ይሁን እንጂ ይህችው ቃል ከጥቂት ዓመታት በፊት እኔን በጣም ስላስከፈለችኝ፣ እርስዎም በእኔ መንገድ እንዳይሄዱ የማውቀውን በተራ ቁጥር አስቀምጥልዎታለሁ። የእናትዎ ሕመም ምን እንደሆነ በግልጽ አልጻፉም፤ በዕድሜያቸው ግን እንደ እኔው አልማዝ ባለጭራ እንደሚሆን ስለምገምት በዚያው እቀጥላለሁ።

1ኛ፦ የኤችአይቪ መድኃኒት አይደለም። «አንቲ» ፀረ ማለት ነው። «ሄርፔቲክ» ደግሞ ሄርፒስ ከሚባለው፣ ሽፍታ ከሚያመጣው ቫይረስ ስም የተገኘ ሲሆን፣ ምንጩ ግሪክኛ፣ ፍቺውም በደረት መሳብ ወይም መዳህ ነው፤ ሽፍታው በቆዳ ላይ እየተሳበ ስለሚሄድ የወጣለት ስም ነው። እንግዲህ ቃሉ በአማርኛ ፀረ-ሄርፒስ ይሆናል ማለት ነው። እንደ ቅጽልም እንደ ስምም ያገለግላል፤ «አንቲሄርፔቲክ ቅባት» ሲባል ቅጽል ነው፣ በእናትዎ ወረቀት ላይ እንዳለው «አንቲሄርፔቲክ ይጀመርላቸው» ሲባል ግን ራሱን ችሎ በመድኃኒቱ ስም ቦታ ይቆማል። ሰውን ይበልጥ የሚያደናግረው የመድኃኒቶቹ ስም መጨረሻ ነው፦ አሳይክሎቪር፣ ቫላሳይክሎቪር፣ ፋምሳይክሎቪር። ከኤችአይቪ መድኃኒቶችም ቴኖፎቪርና ዶሉቴግራቪር የሚባሉ ስላሉ፣ ሰዉ «ቪር» ብሎ የሚያልቀውን ሁሉ በአንድ ጆንያ ይከተዋል። «ቪር» የሚናገረው መድኃኒቱ ቫይረስን የሚዋጋ መሆኑን ብቻ ነው፤ የትኛውን ቫይረስ እንደሆነ አይናገርም። ሐኪሙ የኤችአይቪ ምርመራም እናድርግ ቢል አይደንግጡ፤ አልማዝ ባለጭራ የሰውነት መከላከያ ሲዳከም የሚወጣ በመሆኑ ጥያቄው ተገቢ ነው፣ እርጅናም በራሱ መከላከያን ያዳክማል። እኔም ተመርምሬ ነፃ ሆኜ ተገኝቻለሁ።

2ኛ፦ ቃሉ የአንድ መድኃኒት ስም ሳይሆን የወገን መጠሪያ ነው። በመጋዘናችን በጆንያው ላይ «ጅማ» የሚል ጽሑፍ ሲኖር ቡናው ከየት እንደመጣ እናውቃለን፤ ታጥቦ ይሁን በፀሐይ ደርቆ፣ ደረጃው 4 ይሁን 5 ለማወቅ ግን ሌላ ጽሑፍ ማየት ነበረብን። አንቲሄርፔቲክ የሚለውም ቃል እንዲሁ ነው። የሄርፒስ ቫይረስ ወገኑ ብዙ ነው፦ አንዱ በከንፈር ዙሪያ የሚወጣውንና እኛ ምች እያልን በዳማከሴ የምናሸውን ቁስል ያመጣል፣ አንዱ በብልት አካባቢ ይወጣል፣ አንዱ በልጅነት ጉድፍ ሆኖ ካለፈ በኋላ በነርቭ ሥር ተኝቶ ኖሮ በስተርጅና አልማዝ ባለጭራ ሆኖ ይነሣል። አሳይክሎቪር ለእነዚህ ሁሉ ይታዘዛል፤ መጠኑ ግን አንድ አይደለም። ለብልት ሄርፒስ 200 ሚሊ ግራም በቀን አምስት ጊዜ የሚታዘዝበት ሁኔታ ሲኖር፣ ለአልማዝ ባለጭራ ግን በየጊዜው 800 ሚሊ ግራም፣ በቀን አምስት ጊዜ፣ ከ7 እስከ 10 ቀን ነው። አምስት በመቶ የሆነው የከንፈር ቅባትም የአልማዝ ባለጭራን ክኒን አይተካም፤ «ክኒኑ የለም፣ ይህን ይቀቡላቸው» የሚል ቢያጋጥምዎት ወደ ሌላ መድኃኒት ቤት ይሂዱ። (እግረ መንገዴን፣ ስሙ ሄርፒስን የሚመስል ሁሉ ሄርፒስ አይደለም፤ ሄርፓንጂና የሚባለው የልጆች የጉሮሮ ቁስል መንስኤው ሌላ ቫይረስ ስለሆነ እነዚህ መድኃኒቶች አይሠሩለትም።)

3ኛ፦ ጊዜ። ሽፍታው በወጣ በ72 ሰዓት ውስጥ መጀመር አለበት። ይህን በሦስት መስመር ልጽፈው አስቤ ነበር፤ ነገር ግን የእኔን ታሪክ ሳልነግርዎት ክብደቱ የሚታወቅዎት አይመስለኝም።

ሰኞ ዕለት ግራ ጎኔን እንደ እሳት ለበለበኝ፤ ጆንያ ያነሣሁበት ውጋት መስሎኝ ዝም አልኩ። ማክሰኞ ማታ ከጀርባዬ ጀምሮ ወደ ደረቴ የሚዞር፣ ውኃ የቋጠረ ሽፍታ እንደ መቀነት ወጣ። ባለቤቴ ኩራዝ የሚያህል የእጅ ባትሪ አብርታ አየችውና «አልማዝ ባለጭራ ነው» አለች። ረቡዕ ጠዋት ሐኪም ዘንድ ቀረብኩ፤ ወጣቱ ሐኪም በትሕትና መርምሮ ዛሬውኑ እንድጀምር አሳስቦ፣ በወረቀቱ ላይ «አንቲሄርፔቲክ» ከሚለው ቃል በታች የመድኃኒቱን ስም ጻፈልኝ። እስከዚህ ድረስ ሁሉም ደኅና ነበር።

ከዚያ ወደ መድኃኒት መስጫው መስኮት ሄድኩ። የየትኛው ተቋም እንደሆነ አልናገርም። ከኋላዬ የሰፈራችንን ሰዎች ጨምሮ አሥራ አምስት ያህል ሰው ተሰልፏል። ሠላሳ ዓመት ያልገባኝን ወረቀት ፈርሜ የማላውቅ ሰው ስለሆንኩ፣ ወረቀቱን ሰጥቼ «ይህ ከላይ የተጻፈው ቃል ምን ማለት ነው?» ብዬ ጠየቅሁ። ሰውየው ቀና ብሎ እንኳ ሳያየኝ፣ ሰልፉ ሁሉ በሚሰማው ድምፅ «አባባ፣ የሄርፒስ ነው! የአባላዘር! ይገዛሉ ወይስ ቦታ ይለቃሉ?» አለ። ከኋላዬ አንዲት ሴት ጉሮሮዋን ጠረገች። እኔ ወረቀቱን ተቀብዬ በአራት አጠፍኩት፣ ከኮቴ የውስጥ ኪስ ከተትኩት፣ ቀጥ ብዬ ወደ ቤቴ ሄድኩ።

ሰውየው የተናገረው ስሕተት ነበር፤ ከሄርፒስ ወገን በአባላዘር የሚተላለፈውን ለይቶ፣ ለሁሉም ስም አደረገው። አምስት ሰከንድ ወስዶ «የአልማዝ ባለጭራ መድኃኒት ነው» ቢለኝ ኖሮ ይህን ሁሉ አልጽፍም ነበር። ይሁንና ትልቁ ጥፋት የእኔ እንደነበር አልክድም። ባለቤቴ «መድኃኒቱስ?» ስትለኝ «አልተገኘም» ብዬ ዋሸኋት፤ በስተርጅናዬ ምን ተብዬ ነው የአባላዘር መድኃኒት ይዤ የምገባው በሚል አጉል ኩራት ወረቀቱን እስከ እሑድ ድረስ በኪሴ አቆየሁት። በእነዚያ ቀናት ጎረቤት ያመጣልንን ቅጠል እየቀባሁ አሳለፍኩ፤ ከሽፍታው ይልቅ ቆዳዬን ላጠው።

እሑድ ዕለት ፋርማሲ የምትማረው የእኅቴ ልጅ ቡና ልትጠጣ መጣች። ኮቴን ከወንበር ላይ ስታነሣ ወረቀቱ ወደቀ፣ አነበበችውና «አጎቴ፣ ይህ ከረቡዕ ጀምሮ በኪስህ ነው?» ብላ እንባዋ መጣ። መድኃኒቱ እንዴት እንደሚሠራ የነገረችኝን እስካሁን አልረሳሁትም። አሳይክሎቪር ወደ ሰውነት ሲገባ እንቅልፍ ላይ ነው፤ የሚቀሰቅሰው ቫይረሱ ራሱ የሚያመነጨው ኢንዛይም ነው። አንዴ ከተቀሰቀሰ በኋላ ቫይረሱ ዲኤንኤውን ሲያባዛ በሰንሰለቱ መሃል ገብቶ ይቆርጠዋል። ሌባው በገዛ እጁ በሩን በራሱ ላይ ይቆልፋል ማለት ነው፤ ቫይረሱ የሌለበት ጤነኛ ሕዋስ ብዙም የማይነካውም በዚህ ምክንያት ነው። በዚህ መድኃኒት ሥራ ላይ ከተሳተፉት አንዷ የሆነችው ጌርትሩድ ኤሊየን እ.ኤ.አ. በ1988 የኖቤል ሽልማት ከተሰጣቸው ሦስት ሰዎች አንዷ ናት። ቁም ነገሩ ግን መድኃኒቱ የሚሠራው ቫይረሱ በሚባዛበት ሰዓት መሆኑ ነው፤ ተባዝቶ ከጨረሰ በኋላ የሚቆረጥ ሰንሰለት የለም፣ በነርቭ ሥር የተኛውንም አይነቅለውም። የ72 ሰዓቱ ነገር የመጣው ከዚህ ነው። ሦስቱ ቀን ቢያልፍም አዲስ ሽፍታ እየወጣ ከሆነ ሐኪም ሊያስጀምር ይችላልና፣ «አለፈ» ብለው ወረቀቱን አይጣሉት፤ እኔም በአምስተኛው ቀን የጀመርኩት በዚህ ምክንያት ነው።

በየመድኃኒት ቤቱ ዞረን ያገኘነው ባለ 200 ሚሊ ግራሙን ብቻ ነበር። እዚህ ላይ ይጠንቀቁ፤ በእሽጉ ላይ የተጻፈለን «1 ፍሬ በቀን 5 ጊዜ» የሚል ነበር፣ ይህም ከሐኪሙ ትእዛዝ ሩብ ብቻ ነው። ስሕተቱን ያገኘሁት እኔ ነኝ፤ ሠላሳ ዓመት የኪሎ ጉድለት ስፈልግ ኖሬ ይህ አላመለጠኝም። አራት ፍሬ በአንድ ጊዜ፣ 20 ፍሬ በቀን፣ 140 ፍሬ በሰባት ቀን። ባለቤቴ ጠዋት ጠዋት አምስት ሲኒ ረከቦቱ ላይ ደርድራ በእያንዳንዱ አራት አራት ፍሬ ታስቀምጥ ነበር፤ የጠዋቱ 12 ሰዓት፣ የ4፣ የ8፣ የማታው 12 እና የሌሊቱ 4 ሰዓት ሲኒ እያልን። ማታ ረከቦቱ ላይ ባዶ ሲኒ ብቻ ከታየ ቀኑ ተሳክቷል። ከሚዋጠው ወደ ደም የሚገባው አንድ አምስተኛ ያህሉ ብቻ ስለሆነና ቶሎ ስለሚወጣ ነው ይህን ያህል የሚደጋገመው፤ ቫላሳይክሎቪር ካገኙ ግን በደንብ ስለሚሰርግ 1000 ሚሊ ግራም በቀን ሦስት ጊዜ ይበቃል፣ መለወጡን ግን ለሐኪሙ ይተዉት። ውኃ በብዛት ያጠጧቸው፤ መድኃኒቱ በኩላሊት ስለሚወጣ፣ ኩላሊታቸው የደከመ ከሆነ መጠኑ መቀነስ ስላለበት ይህን ሳይጠየቁ ቀድመው ይናገሩ።

ሽፍታው ደረቀ፤ ሕመሙ ግን ዘጠኝ ወር ቆየ። ሸሚዝ ጎኔን ሲነካው እንደ ሳማ ይለበልበኝ ስለነበር፣ መርካቶ ስሄድ ሸሚዜን በሁለት ጣቴ ከጎኔ አርቄ ይዤ ነበር የምራመደው፤ ሰዉም ገንዘብ የደበቅሁ መስሎት ይስቅብኝ ነበር። ጋቢ ለብሶ መተኛት ቀረ። በስተኋላ ሐኪም አሚትሪፕቲሊን የሚባል የነርቭ ሕመም ማስታገሻ አዘዘልኝና እንቅልፍ አገኘሁ። በሰዓቱ ብጀምር ይህ ሁሉ ይቀርልኝ ነበር ወይ ብዬ ስጠይቀው፣ ሽፍታው ቶሎ ይድን፣ የመጀመሪያው ሳምንት ስቃይም ይቀል እንደነበር፣ ስለ ዘጠኙ ወር ግን ቃል መግባት እንደማይችል ነገረኝ። እውነቱን ስለነገረኝ አከበርኩት።

አሁን በየወሩ የደም ግፊት መድኃኒቴን የምወስደው ከዚያው መስኮት ነው። በወረቀቱ ላይ ያለውን እያንዳንዱን ቃል ጮክ ብዬ አንብቤ፣ ስሙ ማን ነው፣ ለየትኛው ሕመም ነው፣ በአንድ ጊዜ ስንት ፍሬ ነው ብዬ ሳልጠይቅ አልነቃነቅም፤ ሰልፉ ያጉረመርማል፣ እኔ ግን ቦታ አልለቅም። እርስዎም ለእናትዎ እነዚህኑ ሦስት ጥያቄዎች ይጠይቁ።

4ኛ ብዬ ልጀምር የነበረው የዓይኑን ነገር ነው፦ ሽፍታው በእናትዎ ግንባር፣ በዓይናቸው አካባቢ ወይም በአፍንጫቸው ጫፍ ላይ ከታየ፣ ይህን መልስ አንብበው ሳይጨርሱ ወደ ዓይን ሐኪም ይውሰዷቸው፤ በራስዎ ፈቃድ የስቴሮይድ ጠብታም እንዳያደርጉላቸው። ሽፍታው እስኪደርቅ ድረስ ጉድፍ ያልያዛትን ነፍሰ ጡርና ጨቅላ ሕፃን ያርቁ። ሽፍታው የወጣው በየትኛው ቀን እንደሆነም ጻፉልኝ፤ ሰዓቱን አብረን እንቁጠረው።