ይግባኝ ላይ ሆናችሁ ለመታረቅ ስታስቡ

በሥር ፍርድ ቤት የረታሁት እኔ ነበርኩ። የእናታችን ቤት ከታላቅ ወንድሜ ጋር እኩል ይከፈል፣ በዓይነት መከፈል ካልቻለ በሐራጅ ተሸጦ ገንዘቡን ይካፈሉ ተባለ። አሜሪካ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ቁጭ ብዬ ደስ አለኝ። ደስታዬ ግን አልቆየም። ጋሼ ይግባኝ አለ፣ አፈጻጸሙም ታገደ።

ጠበቃዬን «ምን ይሻላል?» አልኩት። «ይግባኙን ብታሸንፍም የሚጠብቅህ ሐራጅ ነው» አለኝ። ሰው የሚኖርበት፣ ወንድማማቾች የተጣሉበት ቤት ሐራጅ ላይ ደህና ዋጋ ያወጣል ብላችሁ አትጠብቁ። እርቁን የፈለግኩት ለጽድቅ አይምሰላችሁ፣ ሒሳብ ሠርቼ ነው። ጋሼ ቤቱን ይያዝ፣ የእኔን ድርሻ በብር ይክፈለኝ።

«ፍርድ ከተሰጠ በኋላ ምን እርቅ አለ?» የሚል ብዙ ሰው አጋጥሞኛል። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 274 ተከራካሪዎች በማንኛውም ጊዜ መስማማት ይችላሉ ይላል፤ በችሎትም ከችሎት ውጭም። ይግባኝ ላይም ይሠራል።

እኔን ያሰናከለኝ ውክልናው ነው። ወኪሌ የአክስቴ ልጅ ስምምነቱን ይዞ ሲቀርብ፣ ዳኛው ወረቀቱን አገላብጠው «ለመታረቅ ሥልጣን የለህም» አሉት። እውነታቸውን ነው። «ለመክሰስ፣ ለመከሰስ፣ ይግባኝ ለመጠየቅ» ይላል፤ «ለመታረቅ» የምትለዋ ቃል የለችበትም። የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 2205 ለእርቅም ሆነ የማይንቀሳቀስ ንብረት ለመሸጥ ልዩ ውክልና ይፈልጋል። «ማናቸውንም ጉዳዬን ሁሉ» ብሎ መጻፍ አያድናችሁም። እንደገና ኤምባሲ፣ ዋናውን በሰው እጅ ወደ አዲስ አበባ፣ ከዚያ ውጭ ጉዳይ፣ ከዚያ ውልና ማስረጃ። ሁለት ወር በዚህ አለቀ። እናንተ ኤምባሲ ከመሄዳችሁ በፊት ረቂቁን አገር ቤት ያለው ጠበቃችሁ ያንብበው።

ጋሼ ነገሩ እንዲቀል ፈልጎ «ወረቀት እንፈራረምና ይግባኙን ላንሳ» አለ። ጠበቃዬ እምቢ አለ። ይግባኝ ዝም ብሎ ሲነሳ ጸንቶ የሚቀረው የሥር ፍርዱ ነው፤ የእኛ ጉዳይ ደግሞ ሐራጅ የሚል ነው። የተፈራረምነው ወረቀት ለብቻው ይቀራል፣ አንዱ ካፈረሰው ሌላው አዲስ ክስ ሊከፍት ነው። ለራሱ ለጋሼም አደጋ ነበረው። እኔ ክፉ ብሆን ብሩን ተቀብዬ የሥር ፍርዱን ይዤ አፈጻጸም ልሄድበት እችላለሁ። ስለዚህ ስምምነቱ በይግባኙ መዝገብ ላይ ይስፈር፣ የሥር ፍርዱም በዚሁ መሠረት ይለወጥ ብላችሁ ጠይቁ። ያን ጊዜ ያልከፈለ ሰው አዲስ ክስ ሳያስፈልግ በቀጥታ አፈጻጸም ይጠየቅበታል።

ከመፈረማችሁ በፊት ግን ደጋግማችሁ አንብቡ። በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 3312 መሠረት እርቅ በተዋዋዮቹ መካከል ይግባኝ የሌለው የመጨረሻ ፍርድ ያህል ኃይል አለው። «መብቴን ባለማወቅ ነው» ብሎ ኋላ ማፍረስ የለም።

ስለ ብሩም አስቡ። ሐምሌ 2016 ላይ ምንዛሪው በገበያ እንዲወሰን ሲደረግ ብር ምን እንደሆነ አይታችኋል። ክፍያውን በሦስትና በአራት ዓመት ከፋፍላችሁ የተቀበላችሁ እንደሆነ ድርሻችሁ እጃችሁ ሳይገባ ይሟሟል። እኛ በሁለት ጊዜ፣ በስድስት ወር ውስጥ አልን። የመጨረሻው ክፍያ እስኪገባ ቤቱ ለሌላ ሰው እንዳይተላለፍ የተጣለው እግድ እንዳይነሳ፣ ቀኑ ካለፈም ቤቱ እንዲሸጥ ጻፍን። የስም ዝውውሩን ወጪ ማን እንደሚችልም አሰፈርን። ቤቱን የምትይዙት እናንተ ከሆናችሁና ፓስፖርታችሁ የውጭ ከሆነ ቢጫ ካርዳችሁን (የትውልደ ኢትዮጵያዊ መታወቂያውን) ቀድማችሁ አዘጋጁ።

ሊፈረም አንድ ቀን ሲቀረው ጋሼ በሌሊት ደወለ። ለእሱ ጠዋት ነው።

«ቤቱ ላይ ያለውን የሱቁን ኪራይ ነገር አልጻፋችሁትም» አለኝ።

«የቱን ኪራይ?»

«እስካሁን የተቀበልኩትን ነዋ! ነገ ደግሞ በዚያ ልትከሰኝ ነው?»

ሳቄ መጣ። ግን ልክ ነው፣ እርቅ የሚዘጋው የተጻፈበትን ጉዳይ ብቻ ነው። አንድ መስመር ጨመርን፣ የኋላው ኪራይ ለእሱ ቀረ።