ቫይረስ በነርቭ መንገድ ሲጓዝ፦ ለአንባብያን ጥያቄዎች የተሰጠ መልስ

በዚህ እትም ሦስት ደብዳቤዎችን አንድ ላይ አስተናግደናል። ጸሐፊዎቹ አይተዋወቁም፤ የሚኖሩትም በተለያየ ቦታ ነው። ሦስቱም የጠየቁት ግን ቫይረስ ወደ ነርቭና ወደ አንጎል እንዴት እንደሚደርስ ነው።

ጥያቄ፦ «የ7 ዓመት ልጄን የጎረቤት ውሻ ባቱ ላይ ነክሶት ነበር። ውሻው በ5ኛው ቀን ሞተ። ልጁን ወደ አንድ የባህል መድኃኒት አዋቂ ወስደነው የሚጠጣ ነገር ተሰጠው፤ ቁስሉም ደርቆ ዳነ። ዛሬ 3 ሳምንት ሆኖታል፤ ይበላል፣ ይጫወታል። የጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኛዋ ግን ክትባት ካልወሰደ ብላ ወጥራ ይዛናለች። ባለቤቴ ‹ቁስሉ ከዳነ ወዲያ መርፌው ለምን?› ይላል። እኔም በልጅነቴ እምብርት ዙሪያ በየቀኑ መርፌ የተወጋችውን የአክስቴን ልጅ አስታውሼ ፈራሁ።» (አንዲት እናት፣ ከደብረ ብርሃን)

መልስ፦ ደብዳቤዎ እንደደረሰን በስልክ የነገርንዎትን፣ በተመሳሳይ ጭንቀት ውስጥ ላሉ ወላጆች ሲባል እዚህም እንደግመዋለን፤ ልጁ ዛሬውኑ የእብድ ውሻ በሽታ ክትባት መጀመር አለበት። ሦስት ሳምንት ማለፉ ክትባቱን ለመተው ምክንያት አይሆንም። የዓለም ጤና ድርጅትም ከተነከሰ ወራት ቆይቶ የመጣ ሰው ገና አሁን እንደተነከሰ ተቆጥሮ እንዲታከም ይመክራል። ቫይረሱ በምራቁ መውጣት የጀመረ ውሻ አብዛኛውን ጊዜ በ10 ቀን ውስጥ ስለሚሞት፣ የጎረቤትዎ ውሻ በ5ኛው ቀን መሞቱ ጉዳዩን ይበልጥ አሳሳቢ ያደርገዋል።

የባለቤትዎ ጥያቄ ግን ሊናቅ የሚገባው አይደለም፤ ብዙ ሰው የሚዘናጋው እዚህ ላይ ነውና። ሌሎች ብዙ ቫይረሶች በደም ተሸክመው በሰውነት ሲሰራጩ፣ የእብድ ውሻ በሽታ ቫይረስ የሚፈልገው ነርቭን ነው። ከውሻው ምራቅ ጋር ወደ ጡንቻ ከገባ በኋላ እዚያው በዝግታ ሊራባ፣ አንዳንዴም ምንም ምልክት ሳያሳይ ለሳምንታት ሊቆይ ይችላል። ጡንቻ ከነርቭ ትእዛዝ የሚቀበልበት ስፍራ አለ፤ በዚያ ስፍራ አሴቲልኮሊን የተባለውን መልእክተኛ ንጥረ ነገር ለመቀበል የተዘጋጁ ፕሮቲኖች ተደርድረዋል። ቫይረሱ በእነዚህ ላይ ይጣበቅና ከአጠገባቸው ወዳለው የነርቭ ጫፍ ይሻገራል።

የነርቭ ሴል እንደ ሌሎች ሴሎች ትንሽ ክብ ነገር ብቻ አይደለም፤ ከወገብ ተነስቶ እስከ እግር ጣት ሊዘረጋ የሚችል ቀጭን ክር ያለው ነው። በክሩ ውስጥ ተሸካሚ ፕሮቲኖች ከጫፍ ወደ ሴሉ አካል፣ ከሴሉ አካልም ወደ ጫፍ ያለማቋረጥ ይመላለሳሉ፤ ነርቭ በሕይወት የሚኖረው በዚህ ምልልስ ነው። ቫይረሱ የራሱ መሄጃ ስለሌለው ዳይኒን በሚባለው፣ ወደ ውስጥ በሚያጓጉዘው ተሸካሚ ላይ ተጭኖ በቀን ከ5 እስከ 10 ሴንቲ ሜትር ያህል ይጓዛል። ከአንዱ ነርቭ ወደ ቀጣዩ እየተሻገረ ሕብለ ሰረሰር ይገባል፤ ከዚያም ወደ አንጎል ይወጣል። ምልክቱ ብዙውን ጊዜ ከ2 እስከ 3 ወር ባለው ጊዜ ቢታይም፣ በ1 ሳምንት ወይም ከ1 ዓመት በኋላ የታየበትም አለ። ፊቱን ወይም አንገቱን የተነከሰ ልጅ ከእግሩ ከተነከሰው የበለጠ የሚያስቸኩለን መንገዱ አጭር በመሆኑ ነው።

የልጅዎ ባት ላይ ያለው ቆዳ ገጥሞ ጠባሳ መሆኑ ከዚህ ጉዞ ጋር የሚያገናኘው ነገር የለም። ሰውነትም ቢሆን ጠላት መግባቱን ቶሎ አያውቅም። ቫይረሱ ነርቭ ውስጥ ተሸሽጎ ስለሚሄድ፣ ትኩሳት ወይም እብጠት አስነስቶ የመከላከያ ሴሎችን አይቀሰቅስም፤ ምልክት ከመታየቱ በፊት በደም ምርመራ «አለበት» ወይም «የለበትም» ማለትም አይቻልም። አንጎል ከደረሰ በኋላ ደግሞ አንጎሉን ከማፍረስ ይልቅ ሥራውን ያዛባል። በዚህ በሽታ የሞተ ሰው አንጎል በዓይን ሲታይ እምብዛም የተበላሸ አይመስልም፤ ጣሊያናዊው ሐኪም አዴልኪ ኔግሪ እ.ኤ.አ. በ1903 በማይክሮስኮፕ ያያቸው በነርቭ ሴሎች ውስጥ የሚገኙ ትንንሽ ነጠብጣቦች ለረጅም ዘመን የበሽታው መለያ ሆነው ያገለገሉት በዚህ ምክንያት ነው። ቫይረሱ ቁጣንና ፍርሃትን የሚቆጣጠሩትን የአንጎል ክፍሎች ከነካ በኋላ አቅጣጫውን ቀይሮ በነርቭ በኩል ወደ ምራቅ ዕጢዎች ይወርዳል። በዚህ ጊዜ የጉሮሮ ጡንቻዎች ውሃ ሲቀርብላቸው በኃይል ይኮማተራሉ፤ ሰዎች «ውሃ ይፈራል» የሚሉት ይህን ነው። መዋጥ ያልቻለ እንስሳ ቫይረስ የሞላበት ምራቅ አፉ ውስጥ ይጠራቀማል፣ ይነክሳልም። ቫይረሱ ወደ ሌላ አካል የሚሸጋገርበትን መንገድ ያዘጋጀው አንጎሉን በማወክ ነው፤ ይህን ጽሑፍ ሳዘጋጅ ደጋግሜ ያሰብኩበትም ይኸው ነው። ምልክቱ አንዴ ከታየ የሚያድን ሕክምና የለም ማለት ይቻላል።

ነገር ግን የቫይረሱ ዝግታ ለእኛ ዕድል ሰጥቶናል። ከሌሎች ብዙ በሽታዎች በተለየ፣ ሰው ከተነከሰ በኋላ ተከትቦ የሚድነው ክትባቱ ቫይረሱን ቀድሞ መድረስ ስለሚችል ነው። ሉዊ ፓስተር እ.ኤ.አ. ሐምሌ 6 ቀን 1885 በአንድ የ9 ዓመት ልጅ ላይ ክትባቱን ሲያስጀምር የተመካው በዚሁ ጊዜ ላይ ነበር፤ ልጁም ተርፏል። ዛሬ የሚደረገው ሦስት ነገር ነው። ቁስሉ እንደተነከሰ ወዲያውኑ በሳሙናና በሚፈስ ውሃ ለ15 ደቂቃ ይታጠባል፤ ይህ ቀላል መስሎ የሚታይ እርምጃ ብዙ ቫይረስ ነርቭ ሳይደርስ ያስወግዳል። ቆዳው ከተቀደደና ከደማ የተዘጋጀ ፀረ እንግዳ አካል ቁስሉ ውስጥና ዙሪያው ይወጋል። ክትባቱ ደግሞ እንደ አሰጣጡ በ3 ወይም በ4 ቀጠሮ ይሰጣል። የመጀመሪያው ለልጅዎ አልፏል፤ የቀሩት ሁለቱ ግን አላለፉም።

የአክስትዎ ልጅ የተወጋችው ክትባት ፌርሚ የሚባለው፣ ከበግ አንጎል የሚዘጋጀው ነው። አገራችን ለብዙ አሥርተ ዓመታት አዲስ አበባ ውስጥ እያመረተች ተጠቅማበታለች፤ የብዙ ሰው ሕይወት እንዳተረፈም አይካድም። ጉድለቱ ግን በመርፌው ብዛት ብቻ የሚወሰን አልነበረም። የበግ አንጎል የነርቭ ሽፋን የሆነው ማይሊን ስላለው፣ አልፎ አልፎ የተከታቢው የመከላከል አቅም ተሳስቶ የራሱን ነርቭ ያጠቃ ነበር። በዚህ ምክንያት የዓለም ጤና ድርጅት ይህ ዓይነቱ ክትባት በሴል ውስጥ በሚዘጋጀው እንዲተካ ሲያሳስብ ቆይቷል። አዲሱ የሚሰጠው ክንድ ላይ ነው፤ የሚያስከትለውም እንደ ሌሎች የልጅ ክትባቶች የቦታ ሕመምና ቀላል ትኩሳት ነው።

ስለ ባህል መድኃኒቱም ዝም ብለን ልናልፍ አንወድም። ካበደ ውሻ የተነከሰ ሁሉ አይታመምም፤ በጥልቀት ያልተነከሰ፣ ልብሱ የከለከለለት፣ የገባው ምራቅ ትንሽ የሆነ ሰው ሳይታከምም ሊተርፍ ይችላል። እንዲህ የተረፈው ሰው መድኃኒቱን ያመሰግናል፤ ያልተረፈው ግን ምስክርነት ሊሰጥ አይችልም። ጸሎቱና ጠበሉ ከክትባቱ ጋር አይጋጭም፤ የሚጎዳው ክትባቱ በእነርሱ ሰበብ ሲዘገይ ነው። በዓለም ላይ በዚህ በሽታ በየዓመቱ 59,000 ያህል ሰው እንደሚሞት ይገመታል፤ ሰው ላይ ከሚደርሰው 99 በመቶ የሚሆነው ከውሻ የሚመጣ ነው፤ በአበዱ እንስሳት ከሚነከሱት ከ100 ሰዎች 40ዎቹ ደግሞ ዕድሜያቸው ከ15 ዓመት በታች ነው። ጎረቤቶችዎ የቀሩትን ውሾች እንዲያስከትቡ መንገርዎንም አይርሱ። የባሌ ቀይ ቀበሮዎች እ.ኤ.አ. በ2003 በመንጋ ያለቁት ከመንደር ውሾች በተላለፈ በዚሁ ቫይረስ ነበር።

ጥያቄ፦ «እናቴ ከጎንደር ልትጠይቀን መጥታ ሳለ በደረቷ በግራ በኩል ብቻ እንደ ቀበቶ የተሰለፈ፣ ውሃ የቋጠረ ሽፍታ ወጣባት። እሷ ‹አልማዝ ባለጭራ ናት፣ ሸረሪት ሄዳብኝ ነው› ብላ ሐኪም ለማየት ዘገየች። ሽፍታው ከከሰመ 4 ወር አልፎታል፤ ልብስ ሲነካት ግን እንደ እሳት ያቃጥላታል። ሐኪሙ ‹የነርቭ ቫይረስ ነው› ብሎናል። ወደ አንጎሏ ይሄድ ይሆን?» (ከአሌክሳንድሪያ፣ ቨርጂኒያ)

መልስ፦ እናትዎ የሰጡት ስም ትክክል ነው፤ ሸረሪቷ ግን ከደሙ ንጹሕ ናት። አልማዝ ባለጭራን የሚያመጣው በልጅነት ጉድፍ፣ ማለትም ቺክን ፖክስ የሚያስይዘው ቫይረስ ነው። ጉድፉ ሲድን ቫይረሱ ከሰውነት አይወጣም፤ በቆዳ ካሉት የነርቭ ጫፎች ተነስቶ በአከርካሪ አጥንት ግራና ቀኝ በሚገኙት የስሜት ነርቭ ቋጠሮዎች ውስጥ ገብቶ ይተኛል። እዚያ 50 እና 60 ዓመት ሊቆይ ይችላል። ዕድሜ ሲገፋ ወይም የመከላከል አቅም ሲዳከም ከአንዱ ቋጠሮ ይነሳና፣ ከእብድ ውሻው ቫይረስ በተቃራኒ ከውስጥ ወደ ውጭ፣ በዚያው ነርቭ በኩል ወደ ቆዳ ይወርዳል። እያንዳንዱ ቋጠሮ የሚያገለግለው በአንድ ጎን ያለ ጠባብ የቆዳ መቀነት ስለሆነ ሽፍታው ግማሽ ቀበቶ መስሎ የደረትን መሃል ሳያልፍ ይቆማል። ሕመሙ ከሽፍታው ቀናት ቀድሞ ሊመጣም ይችላል፤ ስንቱ ሰው የልብ ወይም የኩላሊት ሕመም መስሎት ተጨንቋል።

አሁን የሚሰማቸው ቃጠሎ ቫይረሱ ወደ አንጎል እየሄደ መሆኑን አያመለክትም። ቫይረሱ በሚወርድበት ጊዜ ነርቩን አቁስሎታል፤ የቆሰለው ነርቭ የልብስን ንክኪ እንደ እሳት አድርጎ ለአንጎል ይነግራል። ከታማሚዎች ከ10 እስከ 18 በመቶ የሚሆኑት ይህ ችግር ይገጥማቸዋል፤ ዕድሜ በጨመረ ቁጥርም ይብሳል። ተራ የሕመም ማስታገሻ ብዙም አይረዳቸውም፤ ሐኪማቸው እንደ ጋባፔንቲን ወይም አሚትሪፕቲሊን ያሉትን፣ የነርቭን ጩኸት የሚያበርዱ መድኃኒቶች ሊያዝላቸው ይችላልና እናትዎ «ያልፋል» ብለው ዝም ቢሉ አይቀበሏቸው። ቫይረሱን የሚያዳክሙት መድኃኒቶች፣ አሲክሎቪርና ቫላሲክሎቪር፣ በደንብ የሚሠሩት ሽፍታው በወጣ በ72 ሰዓት ውስጥ ሲጀመሩ ነው።

የሚያስቸኩለው ሽፍታው ፊት ላይ ሲወጣ ነው። ግንባር ላይ፣ በተለይም አፍንጫ ጫፍ ላይ ከታየ ዓይን አደጋ ላይ ሊወድቅ ስለሚችል በዚያው ቀን የዓይን ሐኪም ማየት ያስፈልጋል፤ ጆሮ አካባቢ ወጥቶ ፊት ከተጣመመም እንዲሁ። ቫይረሱ ወደ አንጎል የደም ሥሮች ደርሶ ስትሮክ የሚያመጣበት አጋጣሚም አለ፤ ብዙ ጊዜ ባይሆንም። ወጣት ሰው ላይ ሲወጣ ደግሞ ሐኪሞች የኤች አይ ቪ ምርመራ የሚያዙት የመከላከል አቅም ለምን እንደላላ ለማወቅ ነው። እርስዎ ባሉበት አገር ዕድሜያቸው 50 እና ከዚያ በላይ ለሆናቸው ሺንግሪክስ የተባለው ክትባት በ2 ጊዜ ይሰጣል፤ አንዴ ታመው ለዳኑትም ጭምር ስለሚመከር፣ ለእናትዎ ከሐኪማቸው ጋር ይነጋገሩበት።

ጥያቄ፦ «ወደ ሰውነታችን የገባ ቫይረስ ሁሉ አንጎል ይደርሳል? አስተማሪያችን አንጎል ‹አጥር› አለው ብለውናል።» (የ11ኛ ክፍል ተማሪ፣ ከባሕር ዳር)

መልስ፦ ልጃችን፣ አብዛኞቹ አይደርሱም፤ አስተማሪሽ ያሏችሁም እውነት ነው። የአንጎል የደም ሥሮች ግድግዳ ሴሎች እርስ በርሳቸው ተጣብቀው ስለተሠሩ በደም ያለው ነገር ሁሉ እንዳሻው አያልፍም። ሁለቱን ቫይረሶች ከላይ አንብበሻል፤ በነርቭ ስለሚሄዱ አጥሩ አይመለከታቸውም። ኤች አይ ቪ ደግሞ አጥሩን እንዲያልፉ በተፈቀደላቸው የመከላከያ ሴሎች ውስጥ ሆኖ ይገባል፤ በአንጎል ውስጥም የሚኖረው በነርቭ ሴሎች ውስጥ ሳይሆን አንጎልን በሚጠብቁት ሴሎች ውስጥ ነው። የልጅነት ልምሻን የሚያመጣው የፖሊዮ ቫይረስ በአፍ ገብቶ አንጀት ውስጥ ይራባል፤ ከ200 ተያዦች በ1 ሰው ላይ ብቻ የማይመለስ ሽባነት ያደርሳል። በሕብለ ሰረሰር ውስጥ የሚገድላቸው ጡንቻን የሚያዝዙትን ሴሎች ነው፤ የስሜት ሴሎችን አይነካም። ስለዚህ በልምሻ የተያዘ እግር አይንቀሳቀስም እንጂ መርፌ ቢወጉት ያመዋል።

አንድ የመጨረሻ ምሳሌ ልጨምርልሽ። የከንፈር ምች የሚያወጣው የሄርፒስ ቫይረስ በብዙዎቻችን የፊት ስሜት ነርቭ ቋጠሮ ውስጥ ተኝቶ ይኖራል። እጅግ ጥቂት በሆኑ ሰዎች ላይ በጆሮ ግንድ በኩል ያለውን፣ ትዝታንና ቋንቋን የሚይዘውን የአንጎል ክፍል ያቃጥላል። ታማሚው ትኩሳት ይኖረዋል፣ ንግግሩ ይዘባረቃል፣ ቤተሰቡን ላያውቅ ይችላል፣ አንዳንዴም ይንዘፈዘፋል፤ በዚህ ጊዜ ቤተሰብ «ለክፎት ነው» ብሎ ቀን ያሳልፋል። አሲክሎቪር ከመገኘቱ በፊት ከ10 ታማሚዎች 7ቱ ያህል ይሞቱ ነበር። ትኩሳት ያለበት ሰው ጠባዩ ወይም ንግግሩ በድንገት ከተለወጠ ሐኪሞች የጀርባ ፈሳሽ ምርመራው ውጤት እስኪመጣ ሳይጠብቁ መድኃኒቱን በደም ሥር ይጀምራሉ፤ ውጤቱ ሌላ ሆኖ ከተገኘ ያቆሙታል።