ለሻምበሏ፦ ልቆይ ወይስ ልውጣ?

«ጋሼ፣ በአሜሪካ ምድር ጦር የሎጂስቲክስ መኮንን ነኝ። በአርኦቲሲ (ዩኒቨርሲቲ ውስጥ መኮንን በሚያሠለጥነው ፕሮግራም) ስኮላርሺፕ ተምሬ ተሾምኩ፣ አሁን 7 ዓመቴን ሞላሁ። ሻምበል ጦር አዝዤ በቅርቡ አስረክቤያለሁ። ባለቤቴ ሜሪላንድ ጥሩ ሥራ አለው፣ ልጃችን 2 ዓመቷ ነው። ቀጣዩ ምደባዬ ግን የት እንደሚሆን አላውቅም። በመጨረሻው ግምገማዬ ላይ አለቃዬ ሁለተኛውን ሳጥን ነው የሞላልኝ። ከዚያ ወዲህ ልቤ ተሰብሯል። እማዬ ‹20 ዓመትሽን ሞልተሽ ጡረታሽን ያዢ› ትላለች። ወንድሜ ደግሞ ‹ውጪና አማዞን ግቢ› ይለኛል። ምን ይሻለኛል?»

እህቴ፣ እኔም በዚያው ጦር የሰው ኃይል ክፍል ኖሬ ነው የወጣሁት። ከሳጥኗ፣ ማለትም አለቃሽ በግምገማ ቅጹ ላይ ምልክት ካደረገባት የደረጃ ሳጥን ልጀምር። ደብዳቤውን ያጻፈችሽ እሷ ትመስለኛለች።

ከፍተኛው ገምጋሚ «ሞስት ኳሊፋይድ» (ከሁሉ የበቃ) የምትለዋን የላይኛዋን ሳጥን እንደ ልቡ አያድላትም። በአንድ ማዕረግ ከሚገመግማቸው መኮንኖች ከግማሽ በታች ለሚሆኑት ብቻ ነው የሚፈቀድለት። 10 ሻምበል ካለው ለ4ቱ ይሰጣል። አምስተኛው የቱንም ያህል ጎበዝ ቢሆን «ሃይሊ ኳሊፋይድ» (በጣም ብቁ) ተብሎ በሁለተኛዋ ሳጥን ይወጣል። ብዙ አለቃ ደግሞ የላይኛዋን ሳጥን የዕድገት ቦርድ (ማን ማዕረግ እንደሚያድግ የሚመርጠው ጉባኤ) ለደረሰበት ሰው ይቆጥባታል። አንቺ ቦርድሽ ገና ነው። እኔም አንድ ዓመት ሁለተኛዋ ሳጥን ደርሳኝ ሦስት ቀን እህል አልበላሁም፣ ባለቤቴ ምስክር ናት። አሁን ሳስበው ያስቀኛል። ይልቅ ሻምበል ጦር ስታዢ የተጻፉልሽን ግምገማዎች አውጥተሽ እያቸው። ቦርዱ አተኩሮ የሚያነበው እነሱን ነው። ከእነሱ አንዱ እንኳ የላይኛዋን ሳጥን ካገኘ አሁን ለቅሶ አያስፈልግም።

ወደ ዋናው ነገር ልምጣ። ጦሩ አንቺን ለይቶ አያቅድም። የሚያቅደው «ያር ግሩፕ» የሚባለውን፣ ማለትም ካንቺ ጋር በአንድ ዓመት የተሾሙትን ሁሉ በጅምላ ነው። አማዞን ሥራ አስኪያጅ ቢጎድለው ከሌላ ኩባንያ ይወስዳል። ጦሩ ግን ሻለቃ ከመንገድ አይቀጥርም። ከሐኪምና ከመሳሰለው በቀር ሁሉም ከታች ነው የሚጀምረው። የ2035 ሻለቃ በ2025 ምክትል መቶ አለቃ ሆኖ መሾም አለበት። ሊጡ ዛሬ ካልተቦካ የዚያን ቀን እንጀራ የለም።

ይህ ምን እንደሚያመጣ ልንገርሽ። ቀዝቃዛው ጦርነት አልቆ በ1990ዎቹ ጦሩ ሲቀነስ፣ አዲስ የሚሾመው መኮንንም አብሮ ተቀነሰ። ጉድለቱ ያን ጊዜ ማንንም አላሳሰበም። ከ10 ዓመት በኋላ ግን የኢራቅ ጦርነት ሲግል ሻምበልና ሻለቃ ጠፋ። በ2007 ሻምበሎች እንዳይወጡ እስከ 35 ሺህ ዶላር ጉርሻ ተሰጣቸው። በዚያ ሰሞን ሻለቃ መሆን የቀረበት ሰው ጥቂት ነበር። በ2014 ደግሞ ጦሩ እንደገና ሲቀነስ ከ1,000 በላይ ሻምበሎች «በቃችሁ» ተባሉ። አፍጋኒስታን ግዳጅ ላይ ሆነው የሰሙ ነበሩ። ከ2007ቶቹ ይልቅ ሰነፎች ሆነው አይደለም። የተሾሙበት ዓመት ሰው በዝቶበት ነው። ስለዚህ የያር ግሩፕሽ ሎጂስቲክስ መኮንን ተርፏል ወይስ ጎድሏል? ይህን የምደባ መኮንንሽን በቀጥታ ጠይቂው። የጦሩ የሰው ኃይል ዕዝ ባለበት በፎርት ኖክስ ያሉት ሰዎች ቁጥሩን ያውቁታል፣ ከተጠየቁም ይናገራሉ።

መሠረቱ የ1980ው የመኮንኖች አስተዳደር ሕግ ነው። የሻለቃ፣ የሌተናል ኮሎኔልና የኮሎኔል ብዛት በኮንግረስ ሕግ የተገደበ ነው። በዚያ ሕግ ስሌት ሻለቃነት 10 ዓመት አካባቢ፣ ሌተናል ኮሎኔልነት 16 አካባቢ፣ ኮሎኔልነት 22 አካባቢ ይመጣል። ለቦርድ ከሚቀርቡት ወደ ሻለቃ 80 በመቶ፣ ቀጥሎ 70፣ ቀጥሎ 50 እንዲያልፉ ታስቧል። ሳይወጡ ከቆዩ 100 ሻምበሎች 80ው ሻለቃ፣ 56ቱ ሌተናል ኮሎኔል፣ 28ቱ ኮሎኔል ይሆናሉ ማለት ነው። በየዓመቱ ቁጥሩ ከፍና ዝቅ ይላል፣ ቅርጹ ግን ይኸው ነው። ለሻለቃነት ሁለት ጊዜ የታለፈ ሻምበል አብዛኛውን ጊዜ ይሰናበታል። ያኔም ባዶ እጅ አይደለም፣ በአገልግሎት ዓመት የሚሰላ የስንብት ክፍያ አለ።

በነገራችን ላይ ሻለቃ በኛ ቋንቋ የሺህ አለቃ ነው። እዚህ ግን ሻለቃ ብዙውን ጊዜ የሚያዘው ፓወርፖይንት ነው። ማዘዝ ስለወደድሽ ብቻ ለመቆየት ካሰብሽ ይህን ከወዲሁ እወቂው።

እናትሽ የሚሉት የድሮውን ሕግ ነው። በድሮው 20 ዓመት ያልሞላ ሰው ከጡረታው አንዲት ሳንቲም አያገኝም ነበር። ከ2018 መጀመሪያ ወዲህ የገባ ግን በአዲሱ ሥርዓት ውስጥ ነው። የአርኦቲሲ ውልሽን ከዚያ በፊት ፈርመሽ ከሆነ ግን አዲሱን ካልመረጥሽ በድሮው ነሽ፣ ስለዚህ የአንቺን አረጋግጪ። በአዲሱ ከሆንሽ 20 ስትሞዪ የምታገኚው ከከፍተኛዎቹ 36 ወራት አማካይ መሠረታዊ ደመወዝሽ 40 በመቶ ነው፤ በድሮው 50 ነበር። በምትኩ መንግሥት በጡረታ ቁጠባ ሂሳብሽ ከመሠረታዊ ደመወዝሽ እስከ 5 በመቶ ይጨምርልሻል፣ ያ ገንዘብ ብትወጪም ያንቺው ነው። ከ12ኛ ዓመትሽ በፊት ደግሞ ለመቆየት ከፈረምሽ ቢያንስ የ2 ወር ተኩል መሠረታዊ ደመወዝ ይሰጥሻል። እማማን በዚህ አረጋጊያቸው። «ካልሞላሽ ሁሉም ከንቱ» የሚባለው ዘመን አልፏል።

እኔን የሚያሳስበኝ የልጅሽ ትምህርት ነው። የጂአይ ቢልን (ላገለገለ ወታደር የትምህርት ወጪ የሚከፍለውን ጥቅም) 36 ወር ለልጅ ማስተላለፍ የሚቻለው ደንብ ልብስ ላይ እያለሽ ብቻ ነው። 6 ዓመት አገልግለሽ ተጨማሪ 4 ዓመት መፈረም አለብሽ። ከዚህም ሌላ በአርኦቲሲ ስኮላርሺፕ ስለተማርሽ የመጀመሪያው 4 ዓመት ግዴታሽ ለጂአይ ቢል አይቆጠርም። አምና ወጥተሽ ቢሆን ሙሉውን አታገኚም ነበር። አሁን ገና ደረሰልሽ። ዛሬ ብትፈርሚ እስከ 11ኛ ዓመትሽ ታስረሻል፣ የሻለቃ ቦርድሽም በዚያ መሃል ያልፋል። ስለዚህ ከባልሽ ጋር ስትቀመጡ «20 ዓመት?» ብላችሁ አትጨነቁ። «4 ዓመት?» በሉ። ይህኛውን ሰው አስቦ ሊመልሰው ይችላል።

እነዚያን 4 ዓመታት ሜሪላንድ አካባቢ ማሳለፍ ይቻላል? የሎጂስቲክስ መስክ ላይ ከቆየሽ ከባድ ነው፣ ክፍለ ጦሮቹ ያሉት ቴክሳስና ኬንታኪን በመሰለ ቦታ ነው። ሻምበል ግን በፈቃዱ ወደ ልዩ ሙያ ዘርፍ መዛወር ይችላል። አንዱ ፎርስ ማኔጅመንት ይባላል። ጦሩ ስንት ሰው፣ በምን ማዕረግ፣ የት እንደሚያስፈልገው የሚያቅዱት እነሱ ናቸው፣ ብዙ ወንበራቸውም ፔንታጎን ነው። ለአንቺ የምመርጥልሽ ይህን ነው። ብዙ ሐበሻ መኮንን አማርኛ ስለሚችል ብቻ የአፍሪካ ጉዳይ መኮንንነት ያምረዋል። ሥራው ደስ ይላል። ነገር ግን የቋንቋ ትምህርት፣ የማስተርስ ዲግሪና በቀጣናው መዘዋወር ያለበት ረጅም ሥልጠና ነው፣ ከዚያ በኋላ ኤምባሲ ለኤምባሲ ነው። ባለቤትሽ ሥራውን መልቀቅ ካልፈለገ አትሞክሪው።

መዛወሩ ካልተሳካ ምደባው በገበያ ነው። ከ2019 ጀምሮ መኮንኑ ቦታዎችን በምርጫው ይደረድራል፣ ክፍሎቹም መኮንኖችን ይደረድራሉ፣ ኮምፒውተር ያገናኛቸዋል። ሐኪም ዘመድ ካለሽ ‹ማች› የሚሉትን፣ ጀማሪ ሐኪሞችን ከሆስፒታሎች የሚያገናኘውን፣ ጠይቂ፣ ስሌቱ የዚያ ወንድም ነው። ስለዚህ «ይህን አያገኙልኝም» ብለሽ የምትፈልጊውን ወደ ታች አታውርጂ። በእውነት እንደምትፈልጊው ደርድሪ። ሜሪላንድና አካባቢዋ፣ ፎርት ሚድና ፎርት ቤልቮር ያሉትን ቦታዎች ከላይ አድርጊ፣ ለአዛዦቹም ቀድመሽ ደውዪ። ዝም ያለን ሰው ከላይ አይደረድሩም።

ትምህርት ወይም ለየት ያለ ምደባ ይዘሽ ጊዜ ካነሰሽ፣ በ2018 የወጣ ሕግ የዕድገት ቦርድሽን እንዲያዘገዩልሽ ለመጠየቅ ይፈቅዳል። ብዙ ሰው አያውቀውም።

መውጣት ከመረጥሽ አማዞን ጥሩ ነው፣ ወንድምሽ አልተሳሳተም። ግን ሁለት ነገር ጨምሪበት። አንደኛ፣ በትርፍ ጊዜ ወደሚያገለግሉት፣ ወደ ሜሪላንድ ናሽናል ጋርድ ወይም ወደ ሪዘርቭ ተሻገሪ። 7ቱ ዓመታት አይጠፉም፣ ለጡረታ የሚቆጠር 20 ዓመት ስትሞዪ ጡረታው ብዙውን ጊዜ በ60 ዓመት ዕድሜ ይጀምራል። ሁለተኛ፣ የፌደራል ሲቪል ሥራ ከያዝሽ ከወታደር ጊዜሽ መሠረታዊ ደመወዝ 3 በመቶ ከፍለሽ ዓመታቱን ወደ ሲቪል ጡረታሽ ማስገባት ትችያለሽ። ካዘገየሽው ወለድ ስለሚታከልበት በተቀጠርሽ ሰሞን ጨርሺው።

መጀመሪያ ግን አለቃሽን ቡና ጋብዢውና ሳጥኗን ለምን እንደሞላ ጠይቂው። መልሱን ጻፊልኝ።