ለ12 ዓመቱ የቼዝ ተጫዋች እናት፦ ልጁን ከትምህርት ቤት አያስወጡት

እህቴ፣ ጥያቄዎን ደግሜ አነበብኩት። ልጅዎን በሰፈርም በትምህርት ቤትም የሚረታው ሰው እንደ ጠፋ፣ አሠልጣኙም «ትምህርቱን አቋርጦ ሙሉ ጊዜውን ለቼዝ ከሰጠ በሦስት ዓመት ግራንድማስተር ይሆናል፤ ለውጭ ውድድር ገንዘብ አዘጋጁ» እንዳለዎት ጽፈዋል። የእኔም ልጅ በዚያው ዕድሜ እንዲሁ ተብሎለት ነበር። ዛሬ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ነው፤ ዓለም አቀፍ ሬቲንግ (የተጫዋች ጥንካሬ የሚለካበት ነጥብ) አለው፤ ቼዝንም አልተወም። ስለዚህ የማውቀውን ሳልቆጥብ ልጻፍልዎ።

1. ግራንድማስተር የቼዝ ከፍተኛው ማዕረግ ነው፤ የሚገኝበትን መንገድ አሠልጣኙ አስቀድሞ ሊያስረዳዎ ይገባ ነበር። ሬቲንግ 2500 መድረስ አለበት፤ በዚያ ላይ ሦስት ኖርም፣ ማለትም በጠንካራ ውድድር የተገኘ ለማዕረግ የሚያበቃ ውጤት፣ ያስፈልጋል። አንድ ኖርም ለማግኘት በዘጠኝ ዙር ውድድር የ2600 ተጫዋች የሚያመጣውን ውጤት ማምጣት ግድ ነው። የተጋጣሚዎቹ አማካይ ሬቲንግ 2380 ቢሆን ከዘጠኙ ሰባት ነጥብ ማለት ነው። ከእነዚያ ተጋጣሚዎች ደግሞ ቢያንስ ሦስቱ ራሳቸው ግራንድማስተር መሆን አለባቸው። አሁን አዲስ አበባ ላይ ሦስት ግራንድማስተር ከየት ይመጣል? አገራችን እስካሁን አንድም አላፈራችም። ልጁ የቱንም ያህል ጎበዝ ቢሆን ማዕረጉ ያለው ከጠረጴዛው ማዶ በሚቀመጠው ሰው እጅ ነው፤ ያ ሰው ደግሞ ያለው ባሕር ማዶ ነው።

2. የሕንዳዊውን ቼዝ ተጫዋች የጉኬሽን ታሪክ ሳይነግሩዎ አይቀሩም። እውነት ነው፣ ከአራተኛ ክፍል በኋላ መደበኛ ትምህርት አቁሟል፤ በ12 ዓመቱ ግራንድማስተር ሆኗል፤ እ.ኤ.አ. በ2024 ሲንጋፖር ላይ ዲንግ ሊረንን አሸንፎ በ18 ዓመቱ የዓለም ሻምፒዮን ሆኗል። የማይነገርዎ ሌላው ነው። አባቱ የአንገት በላይ ቀዶ ሐኪም ናቸው፤ ከልጃቸው ጋር ለመዞር ሥራቸውን አቆሙ፤ ቤቱ በእናትየው ደመወዝ ይተዳደር ነበር። ያደገው ደግሞ ቼናይ ነው፤ የቪስዋናታን አናንድ ከተማ። አናንድ እ.ኤ.አ. በ1988 የሕንድ የመጀመሪያው ግራንድማስተር ከሆነ ወዲህ እዚያ አገር ማዕረግ ያለው ተጋጣሚና አሠልጣኝ ፍለጋ ሩቅ መሄድ ቀርቷል። በ12 ዓመት ከ4 ወሩ ግራንድማስተር የሆነው አሜሪካዊው አቢማንዩ ሚሽራም እ.ኤ.አ. በ2021 ቡዳፔስት ላይ ለወራት ተቀምጦ አንዱን ውድድር ሲጨርስ ሌላውን ይጀምር ነበር። በእርስዎና በእኔ ደመወዝ ይህ አይታሰብም፤ ባይታሰብም አያሳፍርም።

3. «የኖርም ውድድር» ሲባሉ የተጫዋቾቹን ስም ዝርዝር ይጠይቁ። እዚህ ላይ ልቤ እስከ ዛሬ ይቃጠላል። አንድ አደራጅ በጎረቤት አገር የኖርም ውድድር አለ ብሎ የምዝገባውን፣ የሆቴሉንና «የአገልግሎት» ያለውን ክፍያ በዶላር ተቀበለን። ከዕቁብ የደረሰኝ ገንዘብ በሙሉ እዚያ ገባ። ደርሰን ስናይ ከተባሉት ግራንድማስተሮች የተገኙት አንድ አዛውንት ብቻ ናቸው። የቀሩት «ታመሙ» ተባለ። ከአዳራሹ የሚበዛው የዚያው አገር ተጫዋች ነበር፤ ደንቡ ደግሞ ከተጋጣሚዎቹ ከሁለት ሦስተኛ በላይ የአንድ አገር ሰዎች ሲሆኑ አይቀበልም። ልጄ ዘጠኙንም ቢያሸንፍ ኖርም የሚባል ነገር አልነበረም። አደራጁን ስጠይቀው «ልምድ አገኛችሁ አይደል?» አለኝ።

የሚቀጥለው ዓመት ትክክለኛ ውድድር አገኘን። ስም ዝርዝሩ ታትሟል፣ የዋና ዳኛው ስም አለ፣ የግብዣ ደብዳቤውም በጊዜው መጣ። ለቪዛ የቀረን ከአንድ መሥሪያ ቤት የድጋፍ ደብዳቤ ነው። ጸሐፊዋ ኃላፊው ስብሰባ ላይ ናቸው ትላለች፤ ኃላፊው ሲገኙ ማህተሙን የያዘው ሰው የለም። ኃላፊው ከስልካቸው ቀና ሳይሉ «ለጨዋታ ነው ይህ ሁሉ መንከራተት?» ብለው ጠየቁኝ፤ ልጄ አጠገቤ ቆሞ ይሰማል። ደብዳቤው በመጨረሻ ሲወጣ የልጁ ስም በፓስፖርቱ ላይ ካለው አጻጻፍ ተለይቶ ነበር። እንዲታረም መለስኩት፤ እስኪታረም የቪዛ ቀጠሮው አለፈ። እርስዎ እንዲህ እንዳይሆኑ ደብዳቤውን ሲያስጽፉ የፓስፖርቱን ቅጂ ያያይዙ፤ ከመስኮቱ ሳይነሱም ስሙን ፊደል በፊደል ያንብቡ።

ከዚያ ከመጀመሪያው የከሸፈ ውድድር ግን ገንዘብ የማይገዛው አንድ ነገር ይዘን ተመልሰናል። ልጄ ከእኚያ አዛውንት ጋር ተመድቦ፣ በመጨረሻ ግንብ ከግንብ ቀርቶ፣ እሳቸው በአንድ ወታደር በልጠው ተሸነፈ። ሰውየው እጁን ጨብጠው አልሄዱም። ጠጠሮቹን መልሰው ደረደሩና አሳዩት፦ ግንብህን ከራስህ ወገን በሦስተኛው ረድፍ ላይ አቁም፤ የተጋጣሚህ ንጉሥ እንዳያልፍ ዝጋበት፤ ወታደሩ ራሱ ያንን ረድፍ ሲረግጥ ግንብህን ወደ ማዶ ጫፍ ስደድና ንጉሡን ከጀርባ እያከታተልህ አስጨንቀው፤ መሸሸጊያ የለውም፣ እኩል ትወጣለህ። ፈረንሳዊው የቼዝ ሊቅ ፊሊዶር ከዛሬ 200 ዓመት በላይ በፊት ያስተማረው ነው። ልጄ በዚያው ዘዴ ከእርሱ እጅግ ከሚበልጥ ተጫዋች ጋር እኩል ሲወጣ አዳራሹ ውስጥ ነበርኩ። ኮርቻለሁ፤ አልደብቅም።

ስለ ትምህርቱ የምለው ከዚህ ይለያል፣ የምለምንዎም ስለዚህ ነው። የአፍሪካን ግራንድማስተሮች ይመልከቱ። ሬቲንጉ 2700 የደረሰው የመጀመሪያው አፍሪካዊ ግብፃዊው ባሴም አሚን ነው፤ የተመረቀ የሕክምና ዶክተር ነው። ከሰሐራ በታች ካሉ አገሮች ቀድሞ ማዕረጉን ያገኘው የዛምቢያው አሞን ሲሙቶዌ በቼዝ ምክንያት አሜሪካ ቴክሳስ ዩኒቨርሲቲ ተማረ፤ ኋላም ኦክስፎርድ ገባ። ቼዙ ትምህርቱን ከፈተለት፤ ትምህርቱም ለቼዙ ጠንካራ ተጋጣሚ አመጣለት። ልጅዎ የ12ኛ ክፍል ውጤት ከሌለው ይህ በር ለእርሱ ዝግ ነው። ደቡብ አፍሪካዊው ኬኒ ሰለሞን ደግሞ እ.ኤ.አ. በ2014 የአፍሪካን ሻምፒዮና አሸንፎ፣ ሬቲንጉ 2500 ሳይሞላ፣ ማዕረጉን በቀጥታ ወሰደ። ያ ሲሆን የ35 ዓመት ሰው ነበር። ሦስት ዓመት ብሎ ቀን የሚቆርጥልዎትን ሰው በዚህ ይመዝኑት።

4. አሁን የሚደረገው ይህ ነው። የፊዴ (የዓለም ቼዝ ፌዴሬሽን) መለያ ቁጥር ያውጡለት፤ ሬቲንግ በሚያሰጥ ውድድር ሁሉ፣ እዚሁ አገር ውስጥም ቢሆን፣ ያሰልፉት። ከ18 ዓመት በታች ያለ ተጫዋች ሬቲንጉ 2300 እስኪደርስ በየጨዋታው የሚያገኘው ነጥብ ተመሳሳይ ሬቲንግ ያለው አዋቂ ከሚያገኘው እጥፍ ነው፤ ሲሸነፍም የሚያጣው እንዲሁ። ስለዚህ ጊዜው አሁን ነው። የክረምቱን ዕረፍት ለውድድር፣ የቀረውን ዓመት ለትምህርቱ ያድርጉለት። አሠልጣኙ የጠየቀዎትን ገንዘብ ግን ውድድሩ በፊዴ ድረ ገጽ መመዝገቡን በዓይንዎ ሳያዩ፣ የሚመጡትን ግራንድማስተሮች በስም ሳያውቁ አንድ ብር እንዳይከፍሉ።