መልስ፦ የመጀመሪያ ፊልሜን ቱሉ ዲምቱ ልሥራ?

«ቶሮንቶ አደግኩ፣ አሁን አዲስ አበባ፣ ቱሉ ዲምቱ ኮንዶሚኒየም አክስቴ ጋ ነኝ። እዚያም እዚህም እንግዳ መሆኔን እንዴት ፊልም ላድርገው?» ብለሻል።

እህቴ፣ ሕይወትሽን በሙሉ አጭር ፊልም ውስጥ አታጭቂ። የኃይሌ ገሪማን «ጤዛ» (እ.ኤ.አ. 2008) እዪው፤ ከጀርመን የተመለሰው ሰው እናቱ ቤት ሆኖም እንግዳ ነው። አንቺ ግን ከኮንዶሚኒየሙ አትውጪ። ዕጣ የደረሰውም ተከራዩም ከሌላ ሰፈር የመጣ ነው፤ እንግዳዋ አንቺ ብቻ አይደለሽም። ውሃ የመጣ ዕለት ደረጃው ላይ ቁሚ። ጀሪካን ይጎተታል፣ አንዷ በኦሮምኛ ትጣራለች፣ ሌላዋ በአማርኛ ትመልሳለች። አክስትሽ አንቺን ለጎረቤት ስታስተዋውቅ ምን ትላለች? እሱን ቅረጪ።

ምስሉ በስልክም ይሆናል። ድምፅ ላይ ግን ቀልድ የለም፣ እዚያ ነፋሱ ጉድ ነው! ልብስ ላይ የሚሰካ ማይክ ተዋሺ። ካሜራ ከማውጣትሽ በፊት የብሎኩን ኮሚቴ አናግሪ።