ጥያቄና መልስ፦ ፎቶ ልኮ ኮከብ መሆን ይቻል ነበር?

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ ጋሼ። በድምፅ አልባው ፊልም ዘመን ፎቶዋን ለመጽሔት ልካ፣ ተወዳድራ ኮከብ የሆነች ልጅ ነበረች ሲባል ሰማሁ። እውነት ያን ያህል ቀላል ነበር? (ከአዳማ)

መልስ፦ እህቴ፣ ልጅቷስ ነበረች፤ ቀላል ግን አልነበረም። ክላራ ቦው ትባላለች። በ1905 (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ ፈረንጆች ናቸው) ኒውዮርክ፣ ብሩክሊን ከድሃ ቤት ተወለደች። እናቷ የአእምሮ ሕመምተኛ ነበሩ፤ የተዋናይነትን ነገር መስማት አይፈልጉም። አባቷ ግን ደገፏት። በ1921 አንድ የፊልም መጽሔት አሳታሚ ውድድር ሲያወጣ አንድ ዶላር ሰጧት፤ ኮኒ አይላንድ ሄዳ ርካሽ ፎቶ ተነሳች።

ለሙከራ ቀረጻው የመጡት ልጆች ዘንጠዋል። እሷ ያለቻት አንዲት ያረጀች ቀሚስ ናት። ኋላ ራሷ እንደተናገረችው፣ ቁጭ ብላ የሌሎቹን ስታይ ዋለች። ሁሉም አንድ ዓይነት ነገር ይደጋግማሉ። ተራዋ ሲደርስ ስልክ አንሺ፣ ሳቂ፣ ተጨነቂ፣ አልቅሺ ተባለች። ክላራ ደግሞ ማልቀስ ስትፈልግ እንባዋ ዱብ ዱብ ይል ነበር። ቃል በማይሰማበት ፊልም ሁሉን የሚናገረው ፊት ነው። አሸነፈች።

እኔን የሚያንገበግበኝ ከዚያ በኋላ ያለው ነው። ዋንጫና የራት ልብስ ተሰጣት፤ ፊልም ውስጥ እናስገባሻለን ተባለች። ግን ቃላቸውን እንዲጠብቁ ቢሯቸው እየተመላለሰች ደጅ መጥናት ነበረባት። በስንት መከራ ትንሽ ሚና አገኘች፤ በ1922 ፊልሙ ሲወጣ የእሷ ክፍል ተቆርጦ ቀርቷል። ሌላ ቦታ ስትጠይቅ አንዱ ልጅ ነሽ፣ አንዱ አጭር ነሽ፣ አንዱ ወፍራም ነሽ ይላታል። ኤልመር ክሊፍተን የተባለው ዳይሬክተር ለዓሣ ነባሪ አዳኞች ፊልሙ የወሰዳት ከዚህ ሁሉ በኋላ ነው። በ1927 የተሠራው «ዊንግስ» ውስጥ የምናያት፣ የመጀመሪያውን የኦስካር ምርጥ ፊልም ሽልማት ባገኘው ማለቴ ነው፣ እሷው ናት።

ብዙዎቹ ግን እዚህ አልደረሱም። ሥራ ፈላጊው በየስቱዲዮው በር ይሰለፋል። የሆሊውድ ንግድ ምክር ቤት ሳይቀር «አትምጡ» እያለ ያስጠነቅቅ ነበር። በ1925 ስቱዲዮዎቹ አጃቢ ተዋንያንን የሚመዘግብ ሴንትራል ካስቲንግ የሚባል ድርጅት ያቋቋሙትም ለዚህ ነው።

ያ ክላራን የቆረጧት ፊልም? ዝነኛ ከሆነች በኋላ እንደገና ለገበያ ሲያወጡት፣ ክፍሏን መልሰው አስገቡት።