በስልክ አይታረስም

ባለፈው ሳምንት ከብሔራዊ ቴአትር ጀርባ ካለች ካፌ ቁጭ ብዬ፣ ከሚኒሶታ የመጣ ልጅ የአቮካዶ እርሻ ቪዲዮ አሳየኝ። «ጋሼ፣ በሦስት ዓመት ብሩን ይመልሳል» አለኝ። መሬቱን አይተኸዋል ወይ? ስለው «የአጎቴ ልጅ አይቶታል» አለ። ማኪያቶው ትን አለኝ። ይቺን የምጽፈው ለእሱና ለመሰሎቹ ነው።

1. ወረቀት። ቢጫ ካርድህን፣ የትውልደ ኢትዮጵያዊ መታወቂያህን ማለቴ ነው፣ አውጣ። መሬት እንደማይሸጥ እንደማይለወጥ ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 ላይ ተጽፏልና «ገዛሁልህ» ለሚልህ ዘመድ ሳንቲም አትላክ።

2. ከፍታ። ጨንቻ ላይ ፖም ይለቀማል፤ ቁልቁል አርባ ምንጭ ስትወርድ ሙዝና ማንጎ ነው። መንገዱ 40 ኪሎ ሜትር አይሞላም። ስለዚህ «ደቡብ ላይ መሬት አለኝ» ማለት ምንም ማለት አይደለም። ደጋ ነው ቆላ? እሱን ንገረኝ።

3. አፈር። እዚህ ላይ ታገሡኝ፣ እኔም የተቃጠልኩት በዚሁ ነው።

ዋሽንግተን ታክሲ እየነዳሁ አደአ ላለው የአባቴ ማሳ 400 የተዳቀለ የአቮካዶ ችግኝ አስገዛሁ። አባቴ በስልክ «ልጄ፣ ይሄ መረሬ ነው፤ የጤፍ መሬት ነው» አሉኝ። እኔ ኢንተርኔት ያነበብኩ አዋቂ! «አባባ፣ ዘመኑ ተለውጧል» ብዬ ዘጋሁት።

መረሬ፣ ያ ጥቁር ጭቃማ አፈር፣ በበጋ እግር እስኪያስገባ ይሰነጠቃል፣ በክረምት ውሃ አቁሮ ይውላል። ጤፍ ይችለዋል። አቮካዶ ግን ሥሩ አየር ካጣ አለቀለት። መስከረም ላይ መጥቼ አንዱን ችግኝ ሳብ ሳደርገው ያለ ምንም ትግል እጄ ላይ ቀረ። ነጭ መሆን የነበረበት ቀጭን ሥር ጠቁሮ፣ በጣቴ ስይዘው ልጡ እንደ እርጥብ ወረቀት ተላጠ። ሽታው ዛሬም አፍንጫዬ ላይ አለ።

አባቴ ያንን ማሳ ሲያፈራርቁት ነው የኖሩት፤ አንድ ዓመት ጤፍ፣ በሌላው ደግሞ ዝናቡ ሲያባራ አፈሩ በያዘው እርጥበት ሽምብራ። ሽምብራ ከአየር ናይትሮጅን ስቦ ለአፈሩ ያተርፍለታል። እሳቸው ናይትሮጅን የሚባል ቃል አያውቁም፤ «መሬቱ ያርፍበታል» ነበር የሚሉት። እኔ ነኝ ያፈረስኩት። በዚያ ዓመት አባቴ፣ የአደአ ገበሬ ሆነው፣ ጤፍ ከገበያ ሸምተው በሉ። ይህንን እንኳ ከጎረቤት ነው የሰማሁት፤ እሳቸው ሳይነግሩኝ አረፉ።

ሌላው በሽታችን አንድ ነገር ብቻ መዝራት ነው። ጌዴኦዎች እንሰቱን፣ ቡናውንና የጥላ ዛፉን በአንድ ጓሮ ደርበው ያለማሉ። ዓለም ሳይቀር አውቆላቸው በ2016 መስከረም ዩኔስኮ መዝግቦታል። የኛ ሰው ግን ዶላር ይዞ ሲመጣ መጀመሪያ የሚያነሳው መጋዝ ነው! «ዛፉ ቦታ ይይዛል» ይልሃል። ቡናው ፀሐይ ላይ ሲቀር፣ የቡናው ዋጋ ሲወድቅ፣ እንሰቱ ከሌለ ቤተሰቡ ምን ይበላል?

ብር ከመላክህ በፊት ክረምት ላይ ሂድና ክንድ የሚያህል ጉድጓድ ቆፍር፤ ውሃ ሙላበት፣ እደርና እየው። በማግሥቱ ውሃው እዚያው ካለ አቮካዶህን እርሳው። ምዕራቡ ላይ ቀይ አፈር ከሆነ ደግሞ አሲዳማ እንዳይሆን አስመርምር፤ ኖራ የሚፈልግ ብዙ አለ።

4. ዘመድ። የላከልህ ፎቶ የሚያሳይህ ቅጠሉን ነው። ሥሩን ቆፍሮ ፎቶ አንስቶ የላከልህ ዘመድ ካለህ እሱን ቅጠረው።

ልጁን ቅዳሜ ጠዋት 12 ሰዓት ላይ ይዤው ልወጣ ነው። አካፋ እኔ እይዛለሁ። ያን ነጭ ስኒከር ግን ቀይር ብዬዋለሁ።